ሁለት ሰባት ሃ

ደሴ፣ ስልሳ ቤት
ጥቅምት 9 ቀን 2017 አ.ም

ለልጄ ለጽናት፣ ሀዋሳ

ሰባ ስምንት አመት ሞልቶኛል። ጣሪያ ላይ ወጥቼ ቆርቆሮ እመታለሁ። ሀያ ሊትር ጀሪካን ከቦኖ እስከ ቤቴ ሳላሳርፍ አመጣለሁ። መርፌ ውስጥ ክር አስገባለሁ፤ ከሶስት ሙከራ አይበልጥም። ሽሮዬን ራሴ እሰራለሁ፣ እስካሁን ቀምሶ የሞተ ሰው የለም። ይህን ሁሉ የምዘረዝርልሽ «ባለቤትዎ እትዬ ከሪማ ካረፉ ወዲህ ብቻዎን እንዴት ይሆናሉ» ብለሽ ስለጠየቅሽኝ ነው። እንዲህ እሆናለሁ። ሁለተኛ እንዳትጠይቂኝ።

አንቺስ? ልጆችሽስ? ትንሹ የወለቀው ጥርሱ በቀለለት? እኔ አልሀምዱሊላህ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ቁልቁለት ላይ ያጉረመርማል፣ ዳገት ላይ ዝም ይላል። ደሴ ደግሞ እንደምታውቂው ግማሹ ዳገት ስለሆነ ግማሽ ቀን ጤነኛ ነኝ ማለት ነው።

ስልክ ለምን አያነሱም ላልሽው፣ ጆሮዬ ከድቶኝ አይደለም። ሰው ስልክ ላይ ይጣደፋል፤ እኔ ነገሬን አገላብጬ ነው የምናገረው። ደብዳቤ ይሻለኛል። ፊደል የቆጠርኩት ሰላሳ አመት ካለፈኝ በሁዋላ በመሰረተ ትምህርት ነው፣ ካልሰራሁበት ይዝጋል። አባትሽ ሀይለሚካኤል፣ አፈር ይቅለለውና፣ የጻፍኩትን ባየ ቁጥር «በሺር፣ ስሜን በትክክል ጻፍ እንጂ» ይለኝ ነበር። እሱ ከቄስ ትምህርት ቤት የወጣ ነው። እኔ ከጭቃ የወጣሁ ግንበኛ ነኝ።

ዝውውርሽ ወደ ደሴ ሆስፒታል መፈቀዱን ሳነብ ተነስቼ ቆምኩ። እናትሽንና ልጆችሽን ይዘሽ አባትሽ ቤት ስትገቢ ለማየት ያብቃኝ። ቤቱን በየሳምንቱ ከፍቼ አየር አስገባበታለሁ፤ አይጥ ብትገባም ኪራይ አስከፍላታለሁ።

አሁን ወደ ጥያቄሽ። የይዞታ ማረጋገጫ ቢሮው «የሰፈራችሁ አመሰራረት እንዴት ነው፣ ቤቱን አባትሽ በምን አገኙት» ብሎ ከጠየቀሽ፣ እንዲህ በያቸው። እስከ 1977 ድረስ እዚህ ገብስ የሚዘራበት ተዳፋት ነበር፤ ከታች ክረምት ጎርፍ የሚወርድበት ፈፋ፣ ከላይ ጥዱ። ስልሳ ሰው ሆነን የቤት ሰሪዎች ማህበር አቋቋምን። ግማሹ አስተማሪና ጸሀፊ፣ ግማሹ እንደኔ ግንበኛ፣ አናጺ፣ ሹፌር። መሀንዲሱ ፕላኑን በሰማያዊ ወረቀት ይዞ መጣ። ወረቀቱ ላይ ሁሉ ነገር ቀጥ ያለ ነበር። መንገዱ ስድስት ሜትር፣ ቤቱ ሁሉ ሁለት ክፍል፣ መሰረቱ ሁሉ ጥቁር ድንጋይ፣ በየበሩ አንድ ጥድ። እኛም ያን ወረቀት እያየን «ደሴ ከዚህ በሁዋላ ቀጥ ልትል ነው» ተባባልን። ችካሉን የተከልነው እኔና አባትሽ ነን። እሱ ገመድ ይዘረጋል፣ እኔ በመዶሻ እመታለሁ። ገመዱን አጥብቆ ከያዘ «ሰውዬ፣ አህያ አይደለም የምትጎትተው» እለው ነበር።

ስልሳ ቤት ይባላል እንጂ ብትቆጥሪው ስልሳ አንድ ነው። ለምን እንደሆነ ሌላ ጊዜ።

ከፈፋው ሀያ ሜትር ውስጥ ያለ ቤት ካርታ አይሰጠውም የሚለውን እኔም ሰምቻለሁ። የናንተ ቤት ደግሞ ከፈፋው አስራ አንድ ሜትር ነው፣ ለክቼዋለሁ። ግን አብሽሪ። አባትሽ እኔ ዘንድ ያስቀመጠው የቆርቆሮ ሳጥን ውስጥ ወረቀት ይኖራል ያልሽውም ልክ ነው። ቁልፉ ግን ጠፍቷል። እየፈለግኩት ነው።

የአባትሽ ጎረቤት፣ አባባ በሺር ይመር


ደሴ፣ ህዳር 21 ቀን 2017 አ.ም

ለልጄ ለጽናት

በመዘግየቴ አፉ በይኝ። ሁለት ደብዳቤ ጽፌ ሁለቱንም ለእሳት ማቀጣጠያ አደረግኳቸው። ጉንፋንም ይዞኝ ነበር፤ ግን እሱን እንደ ምክንያት አልቆጥረውም።

ቁልፉ አልተገኘም።

ስለ እጣው ቀን ጠይቀሽኛል። ያን ቀን እንዴት እረሳዋለሁ! ግንቦት ወር ነበር፣ ካፊያ። ሶስት መቶ ሰው ተሰብስቧል፤ አባላቱ፣ ሚስቶቻቸው፣ ልጆቻቸው፣ አንቺም የስድስት አመት ልጅ ሆነሽ አባትሽ ትከሻ ላይ ነበርሽ። የማህበሩ ጸሀፊ ብሩ ተነሳና «እጣውን የሚያነበው ከመሰረተ ትምህርት ተማሪዎቻችን አንዱ ይሁን፣ ለሌላው አርአያ እንዲሆን» አለ። ሰው ሁሉ ወደኔ ዞረ። የምስክር ወረቀቴን ያገኘሁት በዚያው ሳምንት ነበር። ከሪማ ኮቴን ጎተት አድርጋ አስተካከለችልኝ። ወጣሁ። ሰዉ እጣውን እያወጣ ይሰጠኛል፣ እኔ አነባለሁ፣ ባለእጣው ሮጦ ችካሉ ላይ ይቆማል። «አርባ ሁለት!» እላለሁ፣ እልልታ። «አስራ ዘጠኝ!» እልልታ። በህይወቴ የኔን ድምጽ ሰው ዝም ብሎ ሲሰማ የመጀመሪያዬ ነው። ጋብቻዬ ቀን እንኳ ዝም ያለኝ አልነበረም።

ሰባት ቁጥር ሰፊ ማእዘን ላይ ወደቀ፤ መንገዱ ወደ ፈፋው የሚታጠፍበት። መሀንዲሱ ከእጣው በፊት ለሶስት ከፈለው። መሀሉ ለቦኖ ቀረ፤ ከግራና ከቀኝ ሁለት ቤት ወጣበት። አንዱ ፈፋው ዳር፣ የናንተ። አንዱ መንገዱ ዳር፣ የኔ። ስልሳ አንድ የሆንነው በዚህ ነው። ማህበሩ ለስልሳ አንደኛው ቤት አንድ አባል ጨመረ፤ ስሙን ግን ማንም አልቀየረም።

እናትሽ ማድቤቷ ፈፋው ውስጥ የገባበትን ክረምት አስታውሰሽ ጽፈሻል። አዎ፣ 1988 ነው። ሰው አልተጎዳም፤ ዶሮዎቿ ግን አልተረፉም፣ እናትሽ አትጠገብ ከማድቤቷ ይልቅ ለዶሮዎቿ አለቀሰች። «የፈፋውን መከላከያ ግንብ ለምን ብቻዎን ሰሩት፣ ለምን አርባ አንድ ቀን ያለ ክፍያ» ብለሽ ጠይቀሽኛል። ግንበኛ ስለሆንኩ ነው። ሌላ ምክንያት አትፈልጊበት።

የአባትሽ መቃብር ድንጋይ ላይ ስሙ ለምን እንደዚያ እንደተጻፈም ጠይቀሽኛል። «የቄስ ተማሪ ነበር፣ ስሙን በዚያ ፊደል ሲያይ ያዝን ነበር» ብለሻል። ድንጋዩን የጠረብኩት እኔ ነኝ። እኔ የማውቃት ሀ አንድ ናት።

ለትንሹ ጥርሱን ይፈትሽበት ብዬ የገብስ ቆሎ ልኬያለሁ።

በሺር


ደሴ፣ ታህሳስ 20 ቀን 2017 አ.ም

ለጽናት

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። ቢሮው «የማህበሩ ሰነድ ላይ አባትሽ የተመዘገቡት በሰባት ሌላኛዋ ሃ ነው፤ እሱ ደግሞ መንገዱ ዳር ያለው ቤት ነው» ካለሽ፣ የቢሮው ልጆች ሰፈሩ ሲቆረቆር አልተወለዱም በያቸው። ኮምፒውተር ችካል አይተክልም። አባትሽ በገዛ እጁ እጣ አወጣ፣ እኔ አነበብኩ፣ ሶስት መቶ ሰው ሰማ። ሰባት ሃ፣ ሰባት ሃ ነው። አርባ አመት የኖረ ነገር በአንድ ፊደል አይፈርስም።

«እኔ አልጠረጠርኩዎትም፣ እንዲያስረዱኝ ብቻ ነው» ብለሻል። ማንም ጠረጠረኝ አላልኩም።

ቁልፉ አልተገኘም። ብርዱ በርትቷል። ልጆቹን ሳሚልኝ።

በሺር


ደሴ፣ ጥር 28 ቀን 2017 አ.ም

ልጄ ጽናት

ቁልፉ ጠፍቶ አያውቅም። አንገቴ ላይ በክር ታስሮ ነው የኖረው። ይኸው ፖስታው ውስጥ አድርጌዋለሁ። ሳጥኑንም ሀዋሳ በሚመላለሰው ሹፌር በካሊድ እጅ ልኬልሻለሁ።

ከዚህ በታች ያለውን ተቀምጠሽ አንብቢው። እኔም ተቀምጬ ነው የምጽፈው።

የእጣው ቀን ከቁጥር ሌላ ፊደልም የነበረባቸው ሁለት እጣዎች ብቻ ነበሩ። መጀመሪያ አባትሽ አወጣና ሰጠኝ። «ሰባት ሃ!» አልኩ። ሃ የመጀመሪያዋ ፊደል ናት፣ የመጀመሪያው ችካል ደግሞ ፈፋው ዳር ነው። «ሂድ፣ ፈፋው ጋ» አልኩት። ሄዶ ቆመ። መጨረሻ ላይ የኔን እጣ ከፈትኩ። «ሰባት ሃ!» ሰው ሳቀ። «ስንት ሰባት ሃ አለ?» አለ አንዱ። ሌላው «በሺር አንዷን ሁለቴ እያነበባት ነው» አለ። ፊቴ ጋለ። ወረቀቶቹን አስተያይቼ ማየት ነበረብኝ፤ ማየት ግን አለማወቅ መሰለኝ። «ይሄ ሌላኛው ነው፣ የቀረው ችካል የኔ ነው» ብዬ ዘጋሁት። ሄጄ መንገዱ ዳር ቆምኩ።

ወላሂ ያን ቀን አላወቅኩም። ያወቅኩት በ1979 ነው፣ የባለቤትነት ወረቀታችን ሲታደል። የኔ ላይ ያለችው ስኒ የምትመስለዋ ነበረች። አስተማሪዬን ሄጄ ጠየቅኩት። «ሃ እኮ ሶስት ናት» አለኝ። «ይቺ ሃሌታው፣ ይቺ ብዙሀኑ፣ ይቺ በርጩማ የምትመስለዋ ሀመሩ።» ጻፈልኝ። እይ፣ ይኸው እኔም እጽፋታለሁ፦ ሐ። ሶስት እግር አላት። መሀንዲሱ ፈፋው ዳሩን ሀ፣ መሀሉን የቦኖውን ለ፣ መንገዱ ዳሩን ሐ ብሎት ነበር። የአባትሽ እጣ ላይ ሶስት እግር ነበረ። ፈፋው ዳር መውጣት የነበረብኝ እኔ ነኝ።

ያኔ ሁለቱም ቤቶች ጣሪያ ለብሰዋል። የሁለቱንም መሰረት ያወጣሁት በገዛ እጄ ነው። ከሪማ በሩ ላይ ጥዷን ተክላለች። ለሷ ብቻ ነገርኳት። «ዛሬውኑ ንገረው» አለችኝ። «ለአረፋ» አልኳት። አረፋ አለፈ፣ «ለመውሊድ» አልኳት። ስንት መውሊድ አለፈ! ስትሞትም የመጨረሻ ቃሏ ስለኔ መድሀኒት ወይም ስለኔ ልብስ አልነበረም። «የሰው ሀቅ ይዘህ እንዳትከተለኝ» ነው ያለችኝ።

አሁን ደግሞ የባሰውን ልንገርሽ። ሌላዋን ሃ አውቄ ሳለ አላውቃትም አልኩ። ስሙን በትክክል ብጽፍ አባትሽ «ሃዎቹን ለይተሃል ማለት ነው» ይለኛል ብዬ ፈራሁ። ስለዚህ ደብዳቤ ላይ፣ የእድር መዝገብ ላይ፣ በመጨረሻም መቃብሩ ላይ በአንዷ ሀ ብቻ ጻፍኩ። ሰው ማንበብ እንደሚችል ያስመስላል፤ እኔ እንደማልችል ሳስመስል ሰላሳ ስምንት አመት ኖርኩ።

ባለፈው ተቆጥቼ ከጻፍኩልሽ በሁዋላ እንቅልፍም ሽሮም አልሆነልኝም። ብሩ በህይወት አለ፤ ለወገቡ ሙቀት ፈልጎ ኮምቦልቻ ከወረደ ቆየ። የማህበሩ መዝገብ እሱ ዘንድ ነው። ወረድኩ። ሀሳቤን እውነቱን ልንገርሽ፦ መዝገቡ ጠፍቶ ከሆነ፣ ማስረጃ የለም ልልሽ ነበር። ደጃፉ ጥላ ላይ ተቀምጦ አገኘሁት።

«መጣህ?» አለኝ።

«መጣሁ ጋሽ ብሩ። እንዴት ነዎት?»

«ስጠብቅህ ጎበጥኩ።»

«ምን ሊያደርግልዎ ይጠብቁኛል?»

«ሰባት ሃን ይዘህ እንድትመጣ ነዋ!» አለና ሳቀብኝ። መዝገቡን አስመጣ። ሁለቱ እጣዎች በመርፌ ተወግተው አሉ፤ ወረቀታቸው ቡና መስሏል እንጂ ፊደሉ አልጠፋም።

«ሀይለሚካኤል በእጣው ማግስት መጥቶ አያቸው» አለኝ።

ጽናት፣ ሁለቱን እጣዎች ወደ አይኔ አስጠጋሁ።

«አይቷል?»

«የቄስ ተማሪ አይደል እንዴ! ገና ሲያያት ሳቀ። ‹ሐመሩን ሃሌታ አደረጋት› አለኝ። ላስጠራህና ሊስተካከል ነው ብዬ ስነሳ እጄን ያዘኝ። ‹ትናንት ያን ሁሉ ሰው ፊት ቆሞ ያነበበው በስንት መከራ ነው፤ ዛሬ ተሳስተሃል ብንለው ሁለተኛ ወረቀት አይነካም። ፈፋውን እኔ እችለዋለሁ› አለኝ።»

«ለዘላለም?»

«አይ፣ ለዘላለም አላለም። ‹ፊደሉን ሲጨርስ ራሱ ይደርስበታል። ሲደርስበት ይነግረኛል፤ ያኔ ስቀን ቤት እንቀያየራለን› ነው ያለው። ትደርስበታለህ ብሎ ነበር። አልደረስክበትም እንዴ?»

መዝገቡን ዘጋሁት። ብሩ ፊቴን አየና ውሀ አስመጣልኝ።

«በሺር፣ ስሜን በትክክል ጻፍ እንጂ» ሲለኝ የሚቀልድብኝ ይመስለኝ ነበር። ለካ እየጠየቀኝ ነው። ታሞ ሳጥኑን ሲሰጠኝም «ከፈለግክ ከፍተህ አንብበው» አለኝ። እኔ «አይኔ ደክሟል» አልኩት። «እንግዲያው ለጽናት አቆይላት» አለኝና ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ፈፋው ዳር ያለው ቤት የኔ ነው፤ ካርታ የማይሰጠው የኔ ነው። ያንቺ መንገዱ ዳር ያለው ነው፣ እኔ የተኛሁበት። ለቢሮው ይህን ደብዳቤ ብታሳዪ አልከለክልሽም። ብትቆጪም አልከለክልሽም።

በሺር ይመር


ሐዋሳ፣ የካቲት 19 ቀን 2017 ዓ.ም

ለምወድዎት አባባ በሺር

ሰላምዎ ይብዛ። ጉልበትዎ እንዴት ነው? ልጆቹ ደኅና ናቸው፤ ትንሹ ቆሎውን በአንድ ቀን ጨርሶ «ሌላ ይላኩ» ብሏል።

ደብዳቤዎን ያነበብኩ ቀን ተቆጥቻለሁ፣ አልዋሽዎትም። ሥራ ቦታ አንድ ታማሚ ላይ ጮኽኩ። እናቴ በየክረምቱ ዕቃዋን ወደ ላይኛው ክፍል ስታወጣ፣ አባቴ ዝናብ በመጣ ቁጥር ጫማውን ሳያወልቅ ሲቀመጥ አስታወስኩ። ያን ሁሉ ዓመት «ዕጣችን ነው» ይሉን ነበር።

በማግሥቱ ሳጥኑን ከፈትኩ። ወረቀቱ አለ፣ ሰባት ሐ ይላል። እሱን ይዤ እንደ ተቀመጥኩ አንድ ነገር ትዝ አለኝ። አባቴ ፊደል ያስተማረኝ ደጃፋችን ላይ ቁጭ ብለን ነው። ለእያንዳንዱ ፊደል አንድ የሰፈራችንን ነገር ያሳየኝ ነበር፤ ለ ለሎሚዋ፣ መ ለመንገዱ። ሐመሩ ሐ ላይ ሲደርስ ቤትዎን በጣቱ ያሳየኛል። «ይቺ የአባባ በሺር ናት» ይለኛል። እኔ ደግሞ በረንዳዎ ሦስት ምሰሶ ስላለው ይመስለኝ ነበር። አሁን ሳስበው ሰጥቶዎታል። ፊደሉንም ቤቱንም። እንዲነግሩት ጠብቆ ይሆናል፤ ቂም ይዞ ግን አልጠበቀም። ቂም የያዘ ሰው ልጁን እንደዚያ አያስተምርም።

ቢሮውን ጠይቄያለሁ። ሁለታችንም ከተስማማን ወረቀቶቹን መለዋወጥ ይቻላል። ሰባት ሐ በስምዎ ይዙር፣ ካርታውን ይውሰዱ። እኔ ደሴ ስመጣ ቤት እከራያለሁ፤ ደመወዝተኛ ነኝ። ካልሆነም ሁላችንም ሰባት ሐ ውስጥ አብረን እንኑር፣ ለእርስዎ አንዱ ክፍል ይሆናል። ከሁለቱ አንዱን ይምረጡ። ሦስተኛ የለም። በተለይ ዕቃዎን ይዘው ወደ ፈፋው ዳር እንዳይንቀሳቀሱ። ስለማውቅዎት ነው እንዲህ የምለው።

አፉ ብዬዎታለሁ። እኔ ብቻ ሳልሆን ኃይለ ሚካኤልም ብሎዎታል፤ እኔ ከመወለዴ... አይ፣ እኔ ስድስት ዓመቴ እያለ።

ልጅዎ ጽናት


ደሴ፣ ሰባት ሀ
መጋቢት 10 ቀን 2017 አ.ም

ለልጄ ለጽናት

እንዳይንቀሳቀሱ ያልሽው ደብዳቤ ሲደርሰኝ ተንቀሳቅሼ ጨርሼ ነበር። አድራሻዬን ከላይ እይው። አልጋዬን ፈትቼ በሶስት ጉዞ አመጣሁት፤ ረመዳን ነው፣ ጾሜን ነኝ፣ ማንም ጫፉን አልያዘልኝም። ሊይዙልኝ የመጡትን መልሻቸዋለሁ። አርባ እርምጃ ነው፤ ለመሻገር ግን አርባ አመት ፈጀብኝ።

ከሁለቱ አንዱን ምረጥ ብለሽኛል። ወረቀት አንቀይርም። ወረቀቱ ልክ ነው፣ የተሳሳትነው ሰዎቹ ነን። እንግድነትም አልገባም፤ በሰው ክፍል ውስጥ ሳል ሲይዘኝ እያፈርኩ መኖር አልችልም። ጎረቤት ግን እሆንሻለሁ። እናንተ ሁዳዴ ላይ ናችሁ፣ እኔ ረመዳን ላይ፤ አንድ ሽሮ ሁለታችንንም ያስፈጥራል። ስትመጪ ማታ ማታ አብሬያችሁ እበላለሁ፤ ሽሮውን የምሰራው ግን እኔ ነኝ። ልጆችሽም ቀምሰው አይሞቱም።

ባለፈው እሁድ የእድር ስብሰባ ነበር። እጅ አወጣሁ። ሁለቱን እጣዎች ብሩ መዝገቡን በላከልኝ ጊዜ ነቅዬ ይዣቸዋለሁ። ቆሜ ጮክ ብዬ አነበብኩ፦ «ሰባት፣ ባለ ሶስት እግሯ ሐ፣ የጽናት አባት! ሰባት፣ ሃሌታው ሀ፣ በሺር ይመር!» ምን እንደሆነም አንድ በአንድ ተናገርኩ። ዝም አለ ቤቱ፣ ልክ እንደዚያን ቀን። ከዚያ እትዬ ይታይሽ፣ ያቺ አርባ ሁለት ቁጥር፣ ከሁዋላ «ታዲያ የኔን ቁጥርስ በትክክል አንብበኸዋል ወይስ ሰው ቤት ነው የምኖረው?» አለች። ሰው ሁሉ ሳቀ። የዛሬ አርባ አመት ሲስቁ ፊቴ ጋለ፤ አሁን እኔም ሳቅኩ። ሳቁ ያው ሳቅ ነው፤ እኔ ነኝ ጆሮዬን የቀየርኩት።

ቢሮውም ሄጃለሁ፣ ፈርሜያለሁ። ካርታሽ ሰባት ሐ ላይ ይወጣል። የኔን ሊያዩ አንድ መሀንዲስ መጣ። ግንቤን በመዶሻ ጫፍ እያንኳኳ ዳር እስከ ዳር ሄደ። «ማነው የሰራው?» አለኝ። «እኔ» አልኩት። አንገቱን ነቀነቀና የሆነ ነገር ጻፈ፤ ወረቀቱን በእጁ ሸፍኖ ስለጻፈ አላነበብኩትም። ካርታ ይስጡኝ አይስጡኝ አላህ ያውቃል። ቤቱ ግን ክፉ አይደለም። ማለዳ ጸሀይ ከመንገድ ዳሩ ቤት ቀድሞ የሚመጣው እዚህ ነው። አባትሽ አንድም ቀን አልነገረኝም፤ ለራሱ ያስቀረው ይህን ብቻ ነው መሰለኝ።

አንቺ አፉ ብለሽኛል፣ እድሜሽ ይርዘም። ሐቅ ግን በአፉታ ብቻ አይወርድም። አየሽ፣ ሐቅን በሶስት እግሯ ጻፍኳት፤ ለካ በሶስት እግር ነው የሚቆመው። የቀሩትን ሃዎች ቀስ ብዬ አስተካክላለሁ።

የቀሩብኝ እነዚህ ናቸው፣ ማንም እንዲከፍልልኝ አልፈልግም። የግንቡ ታችኛው ጎን ተሰንጥቋል፤ ክረምት ሳይገባ በራሴ ካዝዋላ ሲሚንቶ ለስኜ እደፍነዋለሁ። ለእናትሽ ፈፋው የወሰደባት ማድቤት አለብኝ፤ ሰባት ሐ ጓሮ እሰራላታለሁ፣ ድንጋዩን ከምሬያለሁ፣ ለዶሮም ቦታ አለው። ብሩን ኮምቦልቻ ወርጄ «ደረስኩበት» ልለው ቃል ገብቻለሁ። ለኢድ ከሪማ መቃብር ሄጄ የምላት አለኝ፤ እሷ ከዚህ በሁዋላ ቀጠሮ አትቀበለኝም። አባትሽንም በደብዳቤ ሳይሆን በአፌ፣ ፊቱ ቆሜ አፉ በለኝ እለዋለሁ።

ከሁሉ መጨረሻ አዲሱ የአባትሽ መቃብር ድንጋይ። የቤተ ክርስቲያኑ አለቃ ፈቅደውልኛል። ጥቁር ድንጋይ ነው፣ ከስልሳ ቤት መሰረት የተረፈ፣ አርባ አመት ጓሮዬ ውስጥ የተኛ። መሮዬን ስያለሁ። መጀመሪያ በከሰል ወለሉ ላይ ተለማመድኩ፤ ያቺ ብዙሀኑ የሚሏት ሃ አስቸገረችኝ፣ አንገቷ ጎብጦብኝ ስንት ጊዜ አጠፋኋት። አሁን እጄ ለምዷታል። እንዲህ አድርጌ ነው የምቀርጸው፣ አይተሽ ልክ መሆኑን ንገሪኝ፦

ኃይለ ሚካኤል